መኪናዋ ጃፓንኛ ትናገራለች

ያገለገለች ቪትዝ ከገዛሁ ወዲህ ሞተር ባስነሳሁ ቁጥር አንዲት ሴት በለሰለሰ ድምፅ በጃፓንኛ ታናግረኛለች። እናቴ አጠገቤ ከተቀመጠች «እግዚአብሔር ይመስገን፣ አንቺስ ደኅና ነሽ?» ትላታለች፤ ሰላምታ መስሏት ነው። ጃፓን የተማረ ባልደረባዬ ይህን ሰምቶ በሳቅ ሞተ። «የኢቲሲ ካርድ አልገባም ነው'ኮ የምትለው!» ኢቲሲ ጃፓኖች በክፍያ መንገድ ላይ ሳይቆሙ የሚከፍሉበት መሣሪያ ነው።

እሷንስ ለምጃታለሁ። ያስቸገረኝ ቴፑ ነው። ስክሪኑ ከላይ እስከ ታች ጃፓንኛ፤ የምነካው ሁሉ በግምት ነበር። አንድ ሱቅ ወሰድኩት። ልጁ «ጋሼ፣ እንግሊዝኛ ማድረግ ቀላል ነው» ብሎ የባትሪውን ገመድ ፈታ። መልሶ ሲያስረው ቴፑ ጭራሽ ተቆለፈ፤ ስክሪኑ ላይ የቀረው አንድ ረጅም ጽሑፍ ብቻ ነው። ልጁም ላብ በላብ ሆነ።

ያኔ ነው ስልኬን ያወጣሁት። የጎግል ትርጉም ካሜራውን ደቀንኩበት፤ የካርታውን ኤስዲ ካርድ አስገባ ይላል። ካርታ ያላቸው ብዙ የቶዮታ ቴፖች ባትሪ ሲነቀል ያችን ካርድ ካላገኙ አይነሱም፤ ኮድ የሚጠይቁም አሉ። መኪናዋን ለሸጠልኝ ሰውዬ ደወልኩ። «ያቺን? የጃፓን ካርታ ምን ያደርግልኛል ብዬ አውጥቻት መሳቢያ ውስጥ ናት» አለኝ። ባትሪ ልትቀይሩ ስትሉ መጀመሪያ ካርዷ ቦታዋ ላይ መሆኗን እዩ።

ካርዷ ገብታ ቴፑ ነቃ፤ አሁንም ግን በጃፓንኛ። በስልኬ እያነበብኩ የማስተካከያውን ገጽ አንድ በአንድ አየሁት። «ቋንቋ» የሚል መስመር የለም። ለጃፓን ገበያ ብቻ የተሠሩት አብዛኞቹ እንግሊዝኛ ውስጣቸው ጨርሶ ስላልተጫነ በመነካካት አይመጣም። ለአንዳንድ ሞዴሎች ሶፍትዌር የሚቀይሩ አሉ፤ የሞዴሉን ቁጥር ሳያይ «ይቻላል» የሚለውን ግን እኔ ከእንግዲህ አላምነውም። ዋና ዋናዎቹን ቁልፎች በስልክ አስተርጉሜ በወረቀት ጻፍኳቸው፤ በሳምንቱ ወረቀቱም አላስፈለገኝም።

ከቋንቋው የባሰው ሬዲዮው ነው። የጃፓን ኤፍኤም ከ76 እስከ 90 ሜጋኸርትዝ፣ አዲሶቹ ደግሞ እስከ 95 ነው የሚደርሰው። ሸገር 102.1፣ ፋና 98.1 ናቸው፤ ቴፑ እዚያ አይደርስም። እናቴ ደግሞ ያለ ሸገር መንገድ አይገፋላትም። መፍትሔው ከአንቴናው ገመድ ጋር የሚገጠም ትንሽ ኮንቨርተር ሆነ። የኔው 20 ይቀንሳል፤ ሸገርን 82.1 ላይ፣ ፋናን 78.1 ላይ አገኛቸዋለሁ። አሐዱ 94.3 ግን 74.3 ሆኖ ከታች ወደቀብኝ። ስትገዙ የምትወዱት ጣቢያ ላይ ቀንሳችሁ አስሉ።

የኢቲሲውን ሶኬት መንቀል የአንድ ደቂቃ ሥራ ነበር። ነቅዬው ነበር፤ በማግስቱ እናቴ «ልጅቷ ምን ሆና ነው ዝም ያለችው?» ስትለኝ መልሼ ሰካሁት።