ሁለት ፊደል በአንድ ኪቦርድ

አዳማ ውስጥ በዋናው መንገድ ግራና ቀኝ የተሰቀሉትን ማስታወቂያዎች ያየ ሰው ኦሮምኛ በሚጻፍበት የላቲን ፊደል በቁቤም፣ በግዕዝ ፊደልም ተጽፈው ያገኛቸዋል። በሞጆ አድርጎ ወደ መቂ፣ ባቱና ሻሸመኔ ቢወርድም እንዲሁ ነው። ኮምፒዩተር ውስጥ ግን ሁለቱ ፊደሎች እኩል ዕድል አልገጠማቸውም።

ኮምፒዩተር የሚያውቀው ቁጥር ብቻ ነው። ለእያንዳንዱ ፊደል ቁጥር ይሰጠዋል፤ ፎንቱ ቁጥሩን አይቶ ቅርጹን ያሳያል። ዓለም አቀፉ የቁጥር መዝገብ ዩኒኮድ የመጀመሪያ እትሙን ያወጣው በኦክቶበር 1991 እ.ኤ.አ. ሲሆን፣ ኦሮምኛ በቁቤ እንዲጻፍ የተወሰነው በኖቬምበር 3 ቀን፣ በዚያው ዓመት ነው። የላቲን ፊደል ቁጥሩን ቀድሞ ይዞ ስለነበር ኦሮምኛ ያለ ተጨማሪ ሶፍትዌር በየትኛውም ኮምፒዩተር ተጻፈ። ግዕዝ መዝገቡ ውስጥ የገባው በሴፕቴምበር 1999፣ በ345 ምልክቶች ነው። ለኦሮምኛ የተበጀው «ዸ» ከነዘሮቹ አብሮ ገብቷል። የኦነሲሞስ ነሲብ የ1899 እ.ኤ.አ. የኦሮምኛ መጽሐፍ ቅዱስ በግዕዝ ፊደል የታተመ ስለሆነ፣ ይህ ለታሪክ ትልቅ ውለታ ነው።

እስከዚያው አማርኛን ያኖሩት የፓወር ግዕዝ፣ የቪዥዋል ግዕዝና የመሰሎቻቸው ሠሪዎች ናቸው። አንድ ፎንት ከ256 በላይ ቦታ አልነበረውም፤ ፊደላችን ደግሞ ከነዲቃሎቹ፣ ከነቁጥሩና ከነሥርዓተ ነጥቡ ከዚያ ይበልጣል። ስለዚህ የላቲኑን ቁጥሮች ተውሰው የአማርኛ ቅርጽ አለበሷቸው፤ አንዳንዶቹም ፊደሉን በሁለት ፎንት ከፈሉት። ምስጋና ይገባቸዋል። ነገር ግን እያንዳንዱ ሠሪ የራሱን አሰላለፍ ስለተከተለ፣ በአንዱ የተጻፈ ደብዳቤ ፎንቱ በሌለበት ኮምፒዩተር ሲከፈት ትርጉም የለሽ የላቲን ፊደላት ድርድር ይሆናል።

አዳማ ከ2000 እስከ 2005 እ.ኤ.አ. የኦሮሚያ ዋና ከተማ ነበረች፤ ጊዜው የእነዚህ ፎንቶች ጊዜ ነው። የክልሉ አዋጆች በመገለታ ኦሮሚያ የሚታተሙት በኦሮምኛ፣ በአማርኛና በእንግሊዝኛ ነው። ገጹ ላይ ጎን ለጎን ከቆሙት ከሦስቱ ቋንቋዎች ፎንት ሲጠፋ የሚጠፋው አማርኛው ብቻ ነው።

ቁቤም ቢሆን ከችግር አላመለጠም። «ሁዻ» የሚባለው የድምፅ መቁረጫ ምልክት ለኦሮምኛ ሙሉ ተነባቢ ነው፤ «ሀርአ» (ዛሬ) እና «ረኤ» (ፍየል) ያለ እሱ አይጻፉም። ኪቦርዱ ግን የሚያቀርበው የእንግሊዝኛውን ጭረት ነው። አንዱ ጸሐፊ ቀጥ ያለውን ይመታል፤ የሌላው ማይክሮሶፍት ዎርድ ራሱ ወደ ጎባጣው ይለውጠዋል። ለዓይን አንድ ይመስላሉ፤ ቁጥራቸው ግን የተለያየ ነው። ልዩነቱን እንዲያቻችል ያልተሠራ የመረጃ ቋት በአንደኛው የተመዘገበን ስም በሌላኛው ሲፈልጉት የለም ይላል። ችግሩ በኤስኤምኤስም አለ፤ በቀጥታው ጭረት የተጻፈ የኦሮምኛ መልእክት 160 ፊደል ሲይዝ፣ አንድ ጎባጣ ጭረት ከገባችበት ሙሉው መልእክት እንደ አማርኛው ወደ 70 ይወርዳል። ዩኒኮድ ለፊደልነት የታሰበ ሌላ ጭረት አለው፤ የተለመዱት ኪቦርዶች ግን አያወጡትም።

እዚህ ላይ የክልሉ ቢሮዎች አንዱን ጭረት መርጠው በሁሉም ቅጽና ሶፍትዌር ላይ ማስገደድ አለባቸው። ይህ በጀት ሳይሆን ውሳኔ ነው የሚጠይቀው።

የአማርኛው ሥራ ይከብዳል፤ ቀንም አይሰጥም። የድሮ ፋይልን ወደ ዩኒኮድ ለመለወጥ በየትኛው ፎንት እንደተጻፈ ማወቅ ግድ ነው። የዎርድ ፋይል የፎንቱን ስም ይይዛል፤ ጽሑፉ ብቻውን ተቀድቶ ወደ ሌላ ከተሻገረ ግን ስሙ አይከተለውም። ያኔ በየትኛው ፎንት እንደተጻፈ የሚያስታውሰው የተየበው ጸሐፊ ነው፤ የዚያ ዘመን ጸሐፊዎች ደግሞ ጡረታ እየወጡ ነው።