የማያልቅ ጠላት

በአርብ ገበያ የገበያው ሰው ማታ ሲበተን ወደየቤቱ ይገባል። በኮምፒዩተር ጨዋታ ውስጥ ልጆቻችን የሚዋጓቸው አውሬዎች ግን ቤት የላቸውም። እንግዲያስ ከወዴት ይመጣሉ? ነገሩ ምትሐት አይደለም፤ አስቀድሞ የተጻፈ የሒሳብ ሥርዓት ነው እንጂ።

እ.ኤ.አ. በ2011 በስዊድን ተሠርቶ የተፈጸመውን ማይንክራፍት የተባለውን ጨዋታ እንመልከት። በኮምፒዩተሩ ዝርያ አውሬው የሚፈጠረው በጨለማ ስፍራ፣ ከተጫዋቹ ቢያንስ 24 ሜትር ያህል ርቆ ነው፤ ከ128 ቢያልፍ ወዲያው ይጠፋል። ችቦ የተተከለበት ስፍራ ከዚህ ይድናል። ቁጥራቸውም የተወሰነ ስለ ሆነ፣ አንዱ ቢሞት ሌላው በፈንታው ይተካል። እ.ኤ.አ. በ2017 የጃፓኑ ኒንቴንዶ ባወጣው የዜልዳ ጨዋታ ደግሞ የተገደሉት ጠላቶች ቀይ ጨረቃ በወጣች ሌሊት ተመልሰው ይነሣሉ።

ከዚህ የምንረዳው አንድ ቁም ነገር አለ፤ ይኸውም «ጠላቶቹን ልጨርስና እተኛለሁ» የሚል ልጅ፣ ቃሉን ሊጠብቅ ቢወድም እንኳ ጠላቶቹ አያልቁለትም። ስለዚህ ወላጆች ሆይ፥ የጨዋታውን ፍጻሜ አትጠብቁ። ልጁ ሳይጀምር የሚያቆምበትን ሰዓት ከእርሱ ጋር ተስማምታችሁ ወስኑ።