መርዶ በስልክ

ብቸኝነትን የፈረንጅ በሽታ አድርገን ስንጽናና ኖረናል። እንግሊዝ በ2018፣ ጃፓን በ2021 እ.ኤ.አ. ጉዳዩን የሚከታተል ሚኒስትር ሲሰይሙ ያልሳቀ ጥቂት ነው። የዓለም ጤና ድርጅት በ2025 እ.ኤ.አ. ያወጣው ሪፖርት ግን ያስደነግጣል፤ ብቸኝነት በሀብታም አገሮች 11 በመቶ፣ በድሃ አገሮች 24 በመቶ ገደማ ነው።

ባሕር ዳር ውስጥ ምክንያቱ ሲጠየቅ ስልክ ይረገማል። እኔ ግን እጠራጠራለሁ። ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተዘግቶ ሳለ ሰው ወደ ጎረቤቱ አልተመለሰም። (የሰዓት እላፊ ጊዜ ስለነበር ማስረጃነቱ ሙሉ አይደለም።)

ብዙም የማይነሳው የኪራይ ነገር ነው። አባይ ማዶ ሰፈር አንዱ ግቢ ይግቡ። ፊት ለፊት የባለቤቶቹ ቤት፣ ከጓሮ በአንድ ጣሪያ ሥር የተደረደሩ ክፍሎች፣ በየበሩ ቁልፍ፣ ለሁሉም አንድ ቧንቧ። እንግዳ አያድርም፤ የግቢው በር ማታ በጊዜ ይዘጋል። ኪራይ ሲጨምር መምህሩም ነርሷም ፍራሻቸውን ጭነው ሌላ ሰፈር ይሄዳሉ።

ዕድር ደግሞ በአብዛኛው የሰፈር ነው። አዲስ ገቢ ከድንኳኑ፣ ከወንበሩና ከብረት ድስቱ ድርሻውን በመግቢያ ይከፍላል። ለከርሞ የት እንደሚያድር የማያውቅ ሰው ለምን ብሎ ይከፍላል?

ያለ ዕድር የመኖር ዋጋው የሚታወቀው ሐዘን ሲመጣ ነው። መርዶ ድሮ የሚነገረው ጎረቤት ተጠራርቶ፣ ገና ጎህ ሳይቀድ በር አንኳኩቶ ነበር። ሰውየው ብቻውን እንዳይሰማ፣ ሲወድቅ የሚይዘው እንዲኖር። ለጓሮ ተከራይ ግን ማን ያንኳኳል? እናቱ ጎጃም ገጠር ስታርፍ ወሬው በስልክ ይደርሰዋል፤ ንጋት እስኪሆንና መኪና እስኪገኝ አልጋው ጫፍ ላይ ብቻውን ይቀመጣል። ግድግዳ የሚጋሩት ሰዎች የሚሰሙት ምናልባት በሳምንቱ ነው። የመሥሪያ ቤት ዕድር አለ ይባል ይሆናል፤ ገንዘቡ በእርግጥ ይደርሳል፣ ያን ሌሊት አብሮ የሚያነጋ ሰው ግን አይልክም።

የመኖሪያ ቤት ኪራይ አዋጅ ቁጥር 1320/2016 ሲወጣ ክርክሩ ሁሉ ስለ ዋጋ ነበር። ለእኔ የሚበልጠው ውሉ ከ2 ዓመት እንዳያንስ የሚለው ድንጋጌ ነው፤ የዕድር መግቢያን በየወሩ ከፋፍሎ ከፍሎ ለመጨረስ ያ ጊዜ ይበቃል። በቃል የተከራየ ሰው ግን 2 ዓመቱን የሚጠይቅበት ወረቀት የለውም፤ የጓሮ ክፍል ደግሞ ብዙውን ጊዜ የሚከራየው በቃል ነው።