መገሠጽ ወይስ ማጽናናት? የምክር አገልግሎት ሦስት መንገዶች

ትዳሩ የታወከበት፣ ልጁ ከቤት የጠፋበት፣ ልቡ የዛለበት አማኝ ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የሚሄደው ወደ መጋቢው ወይም ወደ ሽማግሌዎቹ ነው። አገልጋዩ ከዚህ ሰው ጋር ሲቀመጥ ምን ያድርግ? ያዳምጠው? ይገሥጸው? ወይስ ጸልዮለት ይሸኘው? ባለፉት መቶ ዓመታት ከተሰጡት መልሶች መካከል ሦስቱን እንመልከት።

1. ማዳመጥ

አሜሪካዊው አገልጋይ አንቶን ቦይሰን ራሱ በአእምሮ ሕመም ምክንያት ሆስፒታል ተኝቶ ነበር። በኋላም በዉስተር የአእምሮ ሆስፒታል ሕሙማንን ሲያገለግል፣ እ.ኤ.አ. በ1925 የነገረ መለኮት ተማሪዎችን ወደዚያ አመጣ። ተማሪው መጻሕፍትን እንደሚያጠና ሁሉ፣ የተጨነቀውን ሰውም እንደ ሕያው መጽሐፍ በጥሞና ሊያነበው ይገባል ብሎ ያምን ነበር። የዚህ መንገድ ጥንካሬ ሰውን ማክበሩ ነው። አደጋው ደግሞ አድማጩ መናገር የሚገባውን እውነት ሳይናገር ሊቀር መቻሉ ነው።

2. መገሠጽ

ጄይ አዳምስ እ.ኤ.አ. በ1970 ባሳተመው መጽሐፉ ቤተ ክርስቲያን ምክርን ለሥነ ልቦና ባለሙያዎች አሳልፋ ሰጥታለች ሲል ተቃወመ። አማኞች እርስ በርሳቸው ሊገሣጹ እንደሚችሉ የሚናገረውን ሮሜ 15፥14ን መሠረት አድርጎ፣ መካሪው ኃጢአትን በፍቅር ገልጦ ሰውየውን ወደ ንስሐ እንዲመራ አስተማረ። ይሁን እንጂ አዳምስ የአካል ሕመም ያለበት ሰው ሐኪም እንደሚያስፈልገው አልካደም። ይህን የዘነጋ መካሪ ሕመምን ሁሉ ኃጢአት ያደርገዋል፤ እንደ ኢዮብ ወዳጆችም ቁስል ላይ ቁስል ይጨምራል።

3. ማጣመር

የሥነ ልቦና ባለሙያው ላሪ ክራብ እ.ኤ.አ. በ1977 ባወጣው መጽሐፍ፣ እስራኤላውያን ከግብፅ ሲወጡ የግብፃውያንን ብርና ወርቅ እንደወሰዱ (ዘጸ. 12፥35-36)፣ ክርስቲያንም ከሥነ ልቦና የሚጠቅመውን በቃሉ እየመዘነ ሊወስድ ይችላል አለ። ምክርንም በሦስት ደረጃ ከፈለው፦ ማበረታታት የምእመን ሁሉ፣ መምከር የበሰሉ አገልጋዮች፣ ሥር የሰደደ አስተሳሰብን መለወጥ ደግሞ ጥቂት የሠለጠኑ ሰዎች ሥራ ነው።

ታዲያ የትኛውን እንምረጥ?

ሐዋርያው ጳውሎስ በ1ኛ ተሰ. 5፥14 ያለ ሥርዓት የሚሄዱት እንዲገሠጹ፣ ድፍረት የሌላቸው እንዲጽናኑ፣ ደካሞች እንዲደገፉ፣ ሁሉንም ግን በትዕግሥት እንዲይዟቸው ያዛል። እንግዲህ የመካሪው የመጀመሪያ ሥራ በፊቱ ያለው ሰው የትኛው እንደሆነ መለየት ነው። ይህ ደግሞ ሳያዳምጡ አይገኝም። ኤልያስ ሞትን በለመነ ጊዜ እግዚአብሔር አስቀድሞ የሰጠው ተግሣጽ ሳይሆን እንቅልፍና እንጎቻ ነበር (1ኛ ነገ. 19፥5-8)። ጥያቄው የመጣው በኋላ ነው።

መለየት ካልቻልን ዋጋው ከባድ ነው። ለሳምንታት እንቅልፍና ምግብ የራቀውን ወንድም «እምነትህ ቢጠነክር ኖሮ» ብንለው፣ ቀድሞ በጸጸት የደቀቀውን ሰው ይበልጥ እንሰብረዋለን። ባሏ የሚደበድባትን እኅት «ታገሺ፣ ጸልዪ» ብቻ ብለን ብንመልሳት ሕይወቷን ለአደጋ እንሰጣለን። በአንጻሩ በግልጽ ኃጢአት የሚመላለሰውን እያባበልን ብንሸኘው ፍቅር አይደለም።

ስለዚህ መጋቢው ጥቂት ነገሮችን ልብ ይበል። የተነገረውን ምስጢር የስብከት ምሳሌ አያድርገው። ራስን ስለ ማጥፋት ምልክት ካየ በግልጽ ይጠይቅ፤ ሰውየውንም ብቻውን አይተወው። የሕይወት አደጋ ባለበት ጊዜ ግን ምስጢር ጠብቆ ዝም ማለት አይገባውምና፣ ሊያድኑት ለሚችሉ ሰዎች ያስታውቅ። ከአቅሙ በላይ ሲሆን ሕመምተኛውን ወደ ሐኪም፣ ለምሳሌ በአዲስ አበባ ወደ አማኑኤል ሆስፒታል፣ ይላክ። ይህ እምነት ማጣት አይደለም። ጸሎቱም ጉብኝቱም ከዚያ በኋላ አይቋረጥ፤ ከሆስፒታል የተመለሰ ወንድም በቤተ ክርስቲያን ደጃፍ የሚቀበለው ሰው ያስፈልገዋልና።