«በሕግ አምላክ!» በባዕድ አገር



የዛሬውን ጽሑፍ እንድንጽፍ ምክንያት የሆኑን አንዲት እናት ናቸው። ከክፍል ስንወጣ በር ላይ ቆመው ጠበቁን። የአሥራ አራት ዓመት ልጃቸው ራሱ በፋሻ ተጠቅልሏል። መንገድ ላይ ጎረምሶች «ወደ አገርህ ሂድ» እያሉ፣ መልኩንና ዘሩን እየጠሩ ሲከተሉት ቆይተው በመጨረሻ አንደኛው በድንጋይ ፈነከተው። «ፖሊስ ዘንድ ሄደዋል ወይ?» አልናቸው። «ኧረ ተዉኝ መምህር! ስደተኛ ደግሞ ማን ፊት ቆሞ ይከሳል? ወረቀቴን ቢነጥቁኝስ?» አሉን።

የዚያን ዕለት ጥሩ መልስ አልነበረንም። አገራችን እያለን ጠብ ሲነሳ «በሕግ አምላክ!» ከተባለ የተሰነዘረ ዱላ እንኳ ይቆም ነበር። እዚህ በማን ሕግ ነው የምንጮኸው? ይህ ጥያቄ ሌሊቱን ሲከነክነን አደረ።

ሕጉስ አለ። በ1951 የወጣው የስደተኞች ስምምነት አንቀጽ 16 ስደተኛ ሰው በፈራሚዎቹ አገሮች ፍርድ ቤት የመቅረብ መብት እንዳለው ይናገራል። ጅቡቲ ነጻ በወጣችበት በ1977 ስምምነቱን ተቀብላለች። የ1992 ሕገ መንግሥቷም በመጀመሪያው አንቀጽ በቋንቋ፣ በትውልድ፣ በዘር፣ በጾታና በሃይማኖት ሳይለይ ሁሉም በሕግ ፊት እኩል ነው ይላል። በ2017 ደግሞ የስደተኞችን መብት የሚደነግግ ራሱን የቻለ ሕግ ወጥቷል። ይሁን እንጂ ወረቀት ብቻውን የፈራ ሰው አያሳምንም። ስለዚህ ለእኚህ እናት፣ ለናንተም፣ የአንድ ወገናችንን ታሪክ እናንሳ።

ሙሉጌታ ሥራው ይባላል። ለትምህርት ወደ አሜሪካ ሄዶ በኦሪገን ክፍለ ግዛት በፖርትላንድ ከተማ ይኖር ነበር። እየሠራ የሚማር፣ አገር ቤት ልጅ ያለው የ28 ዓመት ሰው ነው። ኅዳር 4 ቀን 1981 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 13 ቀን 1988) ሌሊት ሁለት ጓደኞቹ በመኪና ቤቱ በር ላይ ሊያደርሱት ቆመው ሳለ፣ ራሳቸውን የተላጩ፣ «ስኪንሄድ» የሚባሉ ሦስት ነጭ ወጣቶች ያሉበት መኪና መጣ። መንገድ ዘጋችሁ በሚል ጠብ ተጀመረ። በጠቡ መካከል አንደኛው፣ ኬኔት ሚስኪ የተባለው፣ በቤዝቦል ዱላ የሙሉጌታን ጭንቅላት መታው። ሙሉጌታ ሞተ።

እስቲ እዚህ ላይ ቆም እንበል። ተከሳሽ ምን ይላል? «የመንገድ ጠብ ነው፣ ዘር ምን አገባው» ይላላ! በየትም አገር በዚህ ዓይነት ክስ የመጀመሪያው መከላከያ ይኸው ነው። ዳኛ ደግሞ የሰው ልብ ከፍቶ ማየት አይችልም። ዐቃቤ ሕግ የሚይዘው ከአፍ የወጣውን ቃል፣ የቡድኑን ስም፣ ቤት ውስጥ የተገኘውን ጽሑፍ፣ የምስክሮችን ቃል ነው። እነዚህ ሦስት ልጆች «የምሥራቁ ነጭ ኩራት» በሚል ትርጉም የሚጠራ ቡድን አባላት ነበሩ። ሚስኪ በ1989 ጥፋቱን ሲያምን በዘሩ ምክንያት መግደሉንም ጭምር አምኖ ዕድሜ ልክ ተፈረደበት፤ በ2011 እስር ቤት ሞተ። ሁለቱ ግብረ አበሮቹ ሀያ ሀያ ዓመት ተፈርዶባቸው፣ ሳይጨርሱ ወጥተዋል።

ብዙ ሰው ነገሩ እዚህ ያለቀ ይመስለዋል። የሟች አጎት እንግዳው ብርሃኑ ግን አልተዉም። በእነ ሞሪስ ዲስ ጠበቃነት የፍትሐ ብሔር ክስ መሠረቱ። የተከሰሱት ገዳዮቹ ብቻ አይደሉም፤ ካሊፎርኒያ ተቀምጦ ወጣቶችን በዘር ጥላቻ ያደራጅ የነበረው ቶም ሜትዝገር፣ ልጁና ድርጅታቸውም ናቸው። ሰውየው በዚያ ሌሊት ፖርትላንድ አልነበረም፣ ዱላም አልያዘም። ታዲያ በምን ይጠየቃል? ወደዚያ ከተማ የላከው የራሱ ሰው ፍርድ ቤት ቀርቦ ልጆቹን ጥቃት እንዲፈጽሙ ያስተምር እንደነበር መሰከረበት። በጥቅምት 1983 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 1990) ዳኛ ሆነው የተቀመጡት ተራ ዜጎች፣ ማለትም «ጁሪ» የሚባሉት፣ አሥራ ሁለት ሚሊዮን ተኩል ዶላር ካሣ ፈረዱ። የተሰበሰበው ከዚህ እጅግ ያነሰ ነው፤ ሜትዝገር ግን ቤቱን አጣ፣ ከተገኘውም ለሟች ልጅ ደረሰ። ሰውየው ይግባኝ ብሎ አልቀናውም።

ለምን ሁለት ክስ? በወንጀሉ ክስ ከሳሹ መንግሥት ነው፣ ጥርጣሬ እንዳይኖር አድርጎ ማስረዳት አለበት። በካሣው ክስ ከሳሹ ተበዳይ ነው፣ የሚዛኑ አንደኛው ወገን ካጋደለ ይበቃል። የአገራችን ሕግም ይህን ልዩነት ያውቀዋል። የወንጀሉ ክስ የማይደርስበትን ሰው የካሣው ክስ ሊደርስበት ይችላል ማለት ነው።

ዱላ ሳይነሳ በቃል ብቻ የሚያስፈራራስ? ወደ አሜሪካ የጉዞ ቀን የምትጠብቁ ወገኖች ይህን ደጋግማችሁ ጠይቃችሁናል። እዚያ አገር ተራ ስድብ፣ የዘር ስድብም ቢሆን፣ ብዙውን ጊዜ ብቻውን አያስቀጣም፤ የመናገር ነጻነታቸው ሰፊ ነው። «እገድልሃለሁ» ብሎ አንድን ሰው በእውነት ማስፈራራት ግን ያስቀጣል። መምታት ደግሞ በራሱ ወንጀል ነው፣ በዘር ተመርጦ ከሆነ ቅጣቱ ሊከብድ ይችላል። ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው በ1993 ይህን ያጸናው፣ ይገርማችኋል፣ አንድ ነጭ ልጅ በጥቁሮች በተደበደበበት ጉዳይ ነው። ሁለት ዓመት ሊሆን የነበረው ቅጣት አራት ሆነ። ሕጉ ለአንድ ቀለም ብቻ አልተጻፈም።

ሁሉም እንዲህ ያምራል እያልን አይደለም። በ2015 እስራኤል ውስጥ በሆሎን ከተማ የደንብ ልብስ የለበሰ ቤተ እስራኤላዊ ወታደር በፖሊስ ሲመታ ካሜራ ቀርጾት ዓለም ሁሉ አየው። በሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች ለተቃውሞ ወጡ። በፖሊሱ ላይ ግን የወንጀል ክስ ሳይመሠረት ፋይሉ ተዘጋ። ብዙ ጉዳይ የሚሞተው ዳኛ ፊት ከመድረሱ በፊት፣ መዝገብ ቤት ላይ ነው። የኛ ሰው ደግሞ መዝገብ ቤቱም ድረስ አይሄድም።

እና ለእኚያ እናት ምን አልናቸው? ቁስሉ ሳይደርቅ ሐኪም ዘንድ ሄደው የሕክምና ወረቀት ይያዙ፤ እዚህ ሰርቲፊካ ሜዲካል የሚሉት ነው። ያየ ሰው ካለ፣ ሱቅ ጠባቂም ቢሆን፣ ስሙን ይጠይቁ። ልጁ የሰማውን ቃል ሳያሳምር፣ ሳይጨምርና ሳይቀንስ፣ ቀንና ሰዓቱን ጨምሮ በወረቀት ያስፍር። «ሰደቡኝ» ብቻ ማለት ለፖሊስ ምንም አይነግረውም፤ ያሉት ቃል ራሱ ነው ማስረጃው። ማመልከቻ ሲያስገቡ የስደተኛ መታወቂያዎን ይዘው ይቅረቡ፣ የማመልከቻውንም ግልባጭ በእጅዎ ያስቀሩ። ብቻዎን አይሂዱ።

በሦስተኛው ቀን የሐኪሙን ወረቀት በፌስታል ጠቅልለው መጡ። ልጁ የሰማውን በሶማሊኛም በአማርኛም ጽፎታል፤ አንዷን ቃል እናቱ ፊት ማንበብ አፍሮ በጣቱ ሸፈናት። ጣቱን አንስተን ቃሉን እንዳለ ወደ ፈረንሳይኛ ገለበጥነው። ነገ ጠዋት አብረናቸው እንሄዳለን።