ደላላው የማን ሰው ነው?

ጁባ፣ አማራት ሰፈር የሚከራይ ቤት የሚፈልግ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ከባለቤቱ በፊት የሚያገኘው «ሲምሳሩን» ነው። ሲምሳር በዐረብኛ ደላላ ነው፤ የእኛው «ደላላ»ም ከዚያው ከዐረብኛ የመጣ ቃል ነው። ሥራውም አዲስ አበባ ካለው ብዙ አይለይም፦ ቤት ያሳያል፣ ዋጋ ያቀራርባል፣ ሲስማሙ ድርሻውን ይወስዳል።

ታዲያ እኛ ሐበሾች ሁለት ቀን አብሮን ከዞረ በኋላ «ደላላዬ» ማለት እንጀምራለን። ይህች «ዬ» ብዙ ገንዘብ አስበልታለች። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የቀድሞው የንግድ ሕጋችን ደላላን የገለጸው ውል የሚዋዋሉ ሰዎችን ፈልጎ የሚያገናኝ፣ በራሱ የቆመ ነጋዴ አድርጎ ነው። ማገናኘት ሌላ፣ መወከል ሌላ። ደላላ ስለተስማማ ሻጩ አይገደድም፤ ለደላላ የተሰጠ ቀብድም ባለቤቱ እጅ ገባ ማለት አይደለም።

በሕግ የሚወክል ሰው ወኪል ነው። በዚያው ዓመት የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ወኪል ለወከለው ሰው ፍጹም ቅን እንዲሆን፣ የእሱን ጥቅም ብቻ እንዲያስብ፣ ሒሳብም እንዲያቀርብ ያዛል። ጥቅሙ ከወካዩ ጥቅም ጋር ተጋጭቶ ከተዋዋለና ሌላው ተዋዋይ ይህን ካወቀ ወይም ማወቅ ከነበረበት ወካዩ ውሉን ማፍረስ ይችላል። ከሁለቱም ወገን ኮሚሽን የሚጠብቅ ደላላ ይህን ሸክም አልተሸከመም፤ ዋጋውን ወደየት እንደሚገፋ ማወቅ የፈላጊው ፈንታ ነው።

ወኪልም ቢሆን ሁሉን አያደርግም። ጠቅላላ ውክልና ቤት ለመጠበቅና ኪራይ ለመሰብሰብ ይበቃል፤ ለመሸጥ ግን አይበቃም። የማይንቀሳቀስ ንብረት ለመሸጥ ሕጉ ልዩ ውክልና ይጠይቃል። ጁባ ሆኖ አዲስ አበባ ያለ ቤቱን በወንድሙ በኩል መሸጥ የሚፈልግ ሰው ሰነዱን እዚያው ባለው ኤምባሲያችን ይፈርማል፤ ሰነዱ አዲስ አበባ ሲደርስ ውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ያረጋግጠዋል፣ ቀጥሎ በሰነዶች ማረጋገጫ ይመዘገባል። ወረቀቱ ላይ «ለመሸጥ» የሚለው ቃል መኖሩን ሳያዩ ከኤምባሲ መውጣት የአንድ ዓመት ምልልስ ሊያስከትል ይችላል። ባለትዳር ከሆነ ደግሞ ለጋራ ቤት የሁለቱም ስምምነት ያስፈልጋል።

የውክልናን ጠባይ አለማወቅ ይበልጥ የጎዳው የኮንዶሚኒየም ገዢዎችን ይመስለኛል። ዕጣ የደረሰው ሰው ቤቱን ለአምስት ዓመት እንዳይሸጥ ስለተከለከለ ብዙዎች ሙሉ ዋጋ ከፍለው ውክልና ብቻ ይዘው ገቡ። ውክልና ግን ሽያጭ አይደለም። ወካዩ በፈለገ ጊዜ ሊሽረው ይችላል፤ ከተሻረ በገዢው እጅ የሚቀረው የማይሠራ ወረቀትና የፍርድ ቤት ቀጠሮ ነው።

ይህ መደናገር የእኛ ብቻ አይደለም። በአሜሪካ ገዢውን መኪና ውስጥ አስቀምጦ ከቤት ቤት የሚያዞረው ወኪል ለረጅም ዘመን በሕግ የሻጩ ሰው ነበር፤ አብዛኛው ገዢ ግን «የእኔ ነው» ብሎ ያምን ነበር። ለገዢ ብቻ የቆሙ ወኪሎች የበዙት እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ ወዲህ ነው። እ.ኤ.አ. በ2024 የአሜሪካ የሪልተሮች (የቤት ሽያጭ ወኪሎች) ማኅበር 418 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማምቶ የኮሚሽን ክርክር ከቋጨ በኋላ፣ ከነሐሴ ጀምሮ የማኅበሩ ወኪል ቤት ከማሳየቱ በፊት ከገዢው ጋር በጽሑፍ መዋዋል አለበት፤ ክፍያውም እዚያው ላይ ይጻፋል። ቨርጂኒያና ሜሪላንድ ውስጥ በዚህ ሥራ የተሰማሩ ኢትዮጵያውያንም ይህን ወረቀት ያስፈርማሉ።

ወደ አማራት እንመለስ። እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣው የደቡብ ሱዳን የመሬት ሕግ መሠረት የውጭ ዜጋ የመሬት ባለቤት መሆን አይችልም፤ በሊዝ ወይም በኪራይ ይይዛል። ስለዚህ ለወገኖቻችን ዋናው ጥያቄ «ማን ነው የሚፈርምልኝ?» የሚለው ነው። ቁልፉን የያዘው የባለቤቱ አጎት ልጅ ወይም ዘበኛ ሊሆን ይችላል። የስድስት ወር ኪራይ በዶላር ከመቁጠር በፊት «ተውኪል» መጠየቅ ነውር የለበትም፤ ተውኪል የእኛው ውክልና ነው፣ ቃሉም ይቀራረባል። በተውኪሉ ላይ ያለው ስም በመሬቱ ወረቀት ላይ ካለው ጋር አንድ መሆን አለበት።

ባለቤቱ በሕይወት መኖሩንም መጠየቅ ያሻል። በእኛ ሕግ ሌላ ስምምነት ከሌለ ውክልና ከወካዩ ጋር ይሞታል። በታኅሣሥ 2006 እና በሐምሌ 2008 ዓ.ም. ጁባ ውስጥ ጦርነት ሲነሳ በአንድ ሌሊት ከተማውን ጥለው የወጡ ሰዎች ነበሩ፤ ለዘመድ ውክልና ትቶ የሄደ ሰው ከሞተ፣ ቤቱን የሚያከራዩትም የሚሸጡትም ወራሾቹ ናቸው።