ርስትና እኔነት

ሰው «እኔ ማነኝ?» ብሎ ራሱን ቢጠይቅ፥ መልሱን የሚያገኘው ክቡር ነው ብሎ ከያዘው ነገር ነው። ይህንንም የሥነ ልቡና ሊቃውንት እሴት ይሉታል። አሜሪካዊው ሚልተን ሮኪች በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፉ፥ የእሴት የመጨረሻ ተግባሩ ሰው ለራሱ ያለውን ክብር መጠበቅ እንደ ሆነ ያስረዳል።

ለዚህ ምሳሌው ከጎጃም ይገኛል። ከደጀን ወደ ደብረ ማርቆስ በሚወስደው መንገድ ላይ ባለችው በሉማሜም ሆነ በቀረው የጎጃም ደጋ፥ ቀድሞ ሰው ርስት የሚጠይቀው በእናቱም በአባቱም ትውልድ ቆጥሮ፥ አገሩን መጀመሪያ ካቀናው አባት በመድረስ ነበር። ስለዚህ ባለርስትነት እህል ማግኛ ብቻ ሳይሆን «የእገሌ ልጅ ነኝ» ማለትም ነበር። በ1960 ዓ.ም. የእርሻ ገቢ ግብር በታወጀ ጊዜ፥ የጎጃም ገበሬ «መሬታችን ተለክቶ ርስታችን ሊወሰድ ነው» ብሎ አመፀ። የግብሩን ብር ብቻ የሚያሰላ ሰው ነገሩን በግማሽ ያየዋል፤ የተነካው እኔነትም ጭምር ነበርና።

ርስት በየካቲት 1967 ዓ.ም. በወጣው የመሬት አዋጅ ቀርቷል። ትምህርቱ ግን አልቀረም። ወንድሞችና እኅቶች፥ ነገ ለሥራ ወደ ገጠር ወጥተን የምናመጣውን አዲስ ነገር ሕዝቡ እንቢ ቢለን፥ «አልገባውም» ከማለታችን በፊት የትኛውን ክብሩን እንደ ነካን እንጠይቅ።